ሴትየዋ ከእሳቱ የዳነችው ስንት ጊዜ ነው?

ቤት ይቃጠላል። ፎቅ ላይ ያለች አንዲት ሴት ጭሱ መኝታ ቤቷን ሲሞላው ወደ መስኮቱ ትሮጣለች፤ እጆቿን እያወናጨፈች የድረሱልኝ ትጮኻለች፤ ወዲያው ትንፋሽ አጥሯት አልጋዋ ላይ ትወድቃለች። የእሳት አደጋ ሠራተኛ በሩን በመጥረቢያ ገንጥሎ ይገባል፣ መስኮቱን ይሰብራል፣ ሴትየዋን ተሸክሞ በመሰላል ያወርዳታል፣ ተመልሶም ልጇን ያወጣል። ይህ ትዕይንት ያለበት ድምፅ አልባ ፊልም «የአንድ አሜሪካዊ እሳት አደጋ ሠራተኛ ሕይወት» ይባላል። ለቶማስ ኤዲሰን ኩባንያ የሠራው ኤድዊን ፖርተር ነው፤ የቅጂ መብቱ የተመዘገበው በጃንዋሪ 1903 ነው። በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት፣ ዓ.ም. የሚል ካልተጨመረባቸው በቀር፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር የተጻፉ ናቸው።

ፊልሙ ለእኛ የደረሰው በሁለት መልክ ነው፤ ሁለቱ ደግሞ አይስማሙም።

አንደኛው ዋሽንግተን በሚገኘው የኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት የተቀመጠው ነው። በዚህ ቅጂ ካሜራው መጀመሪያ መኝታ ቤቱ ውስጥ ነው። እናትም ልጅም ወጥተው፣ ሠራተኞቹ በቧንቧ ውኃ እሳቱን እስኪያጠፉ ድረስ ነገሩን ሁሉ ከውስጥ ሆነን እናየዋለን። ከዚያ ካሜራው ደጅ ይወጣና ታሪኩ ከሀ ይጀምራል። አሁን ያዳንናት ሴት እንደገና በመስኮት ብቅ ትላለች። መሰላሉ እንደገና ይቆማል። እንደገና ተሸክመዋት ይወርዳሉ፤ መሬት ላይ ሆና ስለ ልጇ ስትማጸን እናያለን፤ ሠራተኛው እንደገና ወጥቶ ልጁን ያመጣል። ሴትየዋ ሁለት ጊዜ ዳነች ማለት ነው።

ሁለተኛው ቅጂ በኒው ዮርክ የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ሙዚየም የነበረው ነው። በዚህኛው ውስጥ፣ ደጅ፣ ውስጥ፣ ደጅ እያለ ምስሉ ይፈራረቃል። ሴትየዋ በውስጥ ወደ መስኮቱ ስትሮጥ፣ በደጅ ብቅ ስትል እናያታለን፤ ሠራተኛው ደጅ መሰላሉን ሲወጣ፣ ውስጥ ሲገባ እናየዋለን። እናት አንድ ጊዜ፣ ልጅም አንድ ጊዜ ይድናሉ። ዛሬ በየቴሌቪዥኑ የለመድነው አካሄድ ይኸው ነው።

የትኛው ነው ፖርተር የሠራው? ጥያቄው የሁለት ቁርጥራጭ ፊልሞች ጉዳይ ቢመስልም ከዚያ ይሰፋል። ሁለተኛው ትክክል ከሆነ፣ በአንድ ጊዜ በሁለት ቦታ የሚሆነውን እያፈራረቁ የማሳየት ጥበብ፣ ማለትም የፊልም ቋንቋ ዋና ምሰሶ፣ በ1903 መጀመሪያ ላይ በአንድ ሰው እጅ ተጠናቅቆ ነበር። አንደኛው ትክክል ከሆነ ግን የዚያ ዘመን ተመልካች በሸራው ላይ ጊዜ እንዴት እንደሚሄድ የሚረዳው ከእኛ በተለየ መንገድ ነበር። የሰው ዓይን ፊልም ማየትን እንዴት እንደ ተማረ የሚነግረን ማስረጃ በዚህ መልስ ላይ የተንጠለጠለ ነው።

ለብዙ ዓመታት ያሸነፈው ሁለተኛው ነበር። በ1939 የታተመ አንድ ሰፊ የአሜሪካ ፊልም ታሪክ፣ ደራሲው በኤዲሰን ኩባንያ የሽያጭ ካታሎግ ላይ ያለውን መግለጫና ጥቂት ፎቶግራፎችን ይዞ፣ ፖርተር ትዕይንቶቹን እያፈራረቀ እንደ ቆረጠ ጻፈ። ካታሎጉ በአንድ ትዕይንት ሥር የውስጡንም የደጁንም ነገር ደርቦ ስለሚተርክ ለዚህ ዓይነቱ ንባብ በር ይከፍታል። በ1940ዎቹ ደግሞ ሙዚየሙ ያገኘው ቅጂ ልክ መጽሐፉ እንዳለው ሆኖ ተገኘ። ሁለት ምስክሮች ቃላቸው ገጠመ። በእኛ አገር የዳኝነት ልማድ ሁለት ምስክር ከቀረበ ነገሩ ያለቀ ያህል ነው፤ ነገር ግን ጥሩ ዳኛ ምስክሩን መጀመሪያ የሚጠይቀው «አንተ እዚያ ነበርህ ወይ?» ብሎ ነው። መጽሐፉ እዚያ አልነበረም፤ ከካታሎግ የተገመተ ነበር። የሙዚየሙ ቅጂም ከ1903 ጀምሮ በማን እጅ እንዳለፈ ቃሉን ሊሰጥ አይችልም ነበር።

እዚያ የነበረው ምስክር ወረቀት ነበር። ወረቀት ስል ሰነድ ማለቴ አይደለም፤ ፊልሙ ራሱ ወረቀት ላይ ታትሞ ነበር። እስከ 1912 ድረስ የአሜሪካ የቅጂ መብት ሕግ ተንቀሳቃሽ ምስልን ለይቶ አያውቀውም ነበር፤ ፎቶግራፍን ግን ይጠብቅ ነበር። የፊልም ኩባንያዎች ታዲያ ዘዴ ፈጠሩ። የፊልሙን ምስሎች በሙሉ፣ አንድ በአንድ፣ በፊልሙ ስፋት ልክ በተቆረጠ ረጅም የፎቶግራፍ ወረቀት ላይ አትመው፣ እንደ ገመድ ጠቅልለው፣ ለኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት አስረከቡ። ሕጉ በ1912 ሲሻሻል ልማዱ ቀረ፤ ጥቅልሎቹም ባሉበት ተረሱ። ከሦስት ሺህ በላይ ፊልሞች በዚህ መንገድ ተቀምጠው ቆዩ።

ይህ መርሳት ነው ያዳናቸው። የዚያ ዘመን ፊልም የሚሠራው ከናይትሬት ነበር፤ ናይትሬት በቀላሉ ይቀጣጠላል፣ ሳይቃጠል ቢቀርም በጊዜ ብዛት ይሙለጨለጭና በመጨረሻ ቡናማ ዱቄት ይሆናል። ከ1912 እስከ 1929 በአሜሪካ ከተሠሩት 10,919 ረጃጅም ድምፅ አልባ ፊልሞች ውስጥ መጀመሪያ በወጡበት መልክና ጥራት ዛሬ ያሉት 14 በመቶው ብቻ ናቸው፤ የኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት በ2013 ያወጣው ጥናት የደረሰበት ቁጥር ነው። ወረቀቱ ግን አልተቃጠለም፣ አልሟሟም። በ1950ዎቹ ኬምፕ ናይቨር የተባለ ሰው እነዚያን ጥቅልሎች አንድ ፍሬም፣ ማለትም አንድ ነጠላ ምስል፣ ከዚያ ሌላ ፍሬም እያለ፣ መልሶ ወደ ፊልም የማንሣት ሥራ ጀመረ፤ ለዚህ ሥራው በ1955 የኦስካር የክብር ሽልማት ተሰጥቶታል። አንድ ደቂቃ ለማይሞላ ፊልም በመቶዎች የሚቆጠሩ ምስሎችን ቀጥ አድርጎ፣ አመሳስሎ ማንሣት ምን ያህል ትዕግሥት እንደሚጠይቅ ሳስብ እጅ እነሣለሁ።

ፖርተር የሠራው የእሳት አደጋ ፊልምም ከጥቅልሎቹ አንዱ ነበር። ይህ ወረቀት በጃንዋሪ 1903 ገቢ ተደርጎ ከዚያ በኋላ ማንም አልነካውም፤ ቆርጦ የቀጠለው የለም፤ ለኪራይ አልወጣም፤ በሲኒማ ቤት ማሽን ውስጥ አልተቀደደም። በ1970ዎቹ መጨረሻ የፊልም ታሪክ ተመራማሪዎቹ አሜሪካዊው ቻርልስ ሙሰርና በካናዳ የኩቤኩ አንድሬ ጎድሮ ሁለቱን ቅጂዎች አመሳክረው ዋናው ይኸው ወረቀቱ እንደ ሆነ አሳዩ። በ1978 ዓለም አቀፉ የፊልም ቤተ መዛግብት ፌዴሬሽን በእንግሊዟ ብራይተን ከተማ ባካሄደው ጉባኤ ተመራማሪዎች ከ1900 እስከ 1906 የተሠሩ በመቶዎች የሚቆጠሩ ፊልሞችን በአንድነት ተቀምጠው ማየታቸውም ነገሩን አገዘ፤ ምክንያቱም አንድን ድርጊት ከሌላ ቦታ ሆኖ ደግሞ ማሳየት የዘመኑ ልማድ እንደ ነበር በዓይን ታየ። ፈረንሳዊው ፊልም ሠሪ ዦርዥ ሜልየስ በ1902 በሠራው የጨረቃ ጉዞ ፊልም መንኮራኩሩ መጀመሪያ ጨረቃዋ ዓይን ላይ ይሰካል፤ በሚቀጥለው ትዕይንት ደግሞ ያው መንኮራኩር ጨረቃ ላይ እንደገና ያርፋል። የዚያ ዘመን ተመልካች በዚህ አልተደናገረም። የሙዚየሙ ቅጂ ሌላ እጅ ኋላ ላይ፣ ዓይን ሌላ ነገር ከለመደ በኋላ፣ ቆራርጦ ያስተካከለው ነው።

የወረቀቱን ቅጂ መጀመሪያ ያየሁት ጊዜ ስሕተት መስሎኝ ነበር። ሦስተኛ ጊዜ ሳየው ግን አንድ ነገር ገባኝ፦ መጀመሪያ የፍርሃቱን ታሪክ ከእናትየዋ ጋር ሆነን ጭሱ ውስጥ እንኖረዋለን፤ ቀጥሎ ያንኑ ታሪክ መንገድ ላይ ቆሞ እንደሚያይ ጎረቤት እናየዋለን። ቤት የተቃጠለበት ሰውም ለቀስተኛ ሲቀበል እንዲሁ ነው የሚተርከው፤ የራሱን ጨርሶ፣ «ደጅ ያሉት ደግሞ እንዲህ ሲያዩኝ» ብሎ ከመጀመሪያው ይጀምራል።

ከዚህ ታሪክ የምወስደው አሠራር አለ፤ ለሌላው ፊልም ሁሉ የማመጣው እሱን ነው። መዝገቦች ሲጋጩ «የትኛው ውሸታም ነው?» ብሎ መጀመር አያዋጣም። እያንዳንዱ መዝገብ ለአንድ ጉዳይ፣ በአንድ ቀን፣ በአንድ ሰው የተጻፈ ነው፤ ያየውን ብቻ ይመሰክራል። የቅጂ መብት መዝገብ የሚመሰክረው ወረቀቱ የገባበትን ቀን ነው፤ ካሜራው የተሽከረከረበትን ቀን አይደለም። ካታሎግ ለገዥ የተጻፈ ነው፤ ሻጭ ዕቃውን ሲያወድስ እንደሚያጋንን ማንም ገበያ የወጣ ሰው ያውቃል። የጋዜጣ ማስታወቂያ ፊልሙ በዚያ ከተማ የታየበትን ምሽት ይነግረናል፤ ፊልሙ ግን ከዚያ በፊት ስድስት ወር ሲዞር የከረመ ሊሆን ይችላል። አንድ ፊልም በአንዱ መጽሐፍ 1902፣ በሌላው 1903 ተብሎ ስናገኘው ብዙውን ጊዜ አንዱ የተነሣበትን፣ ሌላው ለሽያጭ የወጣበትን ዓመት ይዞ ነው። ሁለቱም እውነት ናቸው።

ከሁሉ ይበልጥ ጥንቃቄ የሚፈልገው የፍርድ ቤት ቃል ነው። የኤዲሰን ኩባንያ ተፎካካሪዎቹን በፈጠራ መብት እየከሰሰ ዓመታትን በችሎት አሳልፏል። «ማን ቀደመ?» የሚለው ጥያቄ የገንዘብ ጥያቄ ሆኖ ስለ ነበር የምስክሮች ትዝታ ወደ ኋላ ይሳብ ነበር። በኤዲሰን ቤተ ሙከራ ለሙከራ የተነሡት ነጭ የለበሰ ሰው የሚወዛወዝባቸው ደብዛዛ ምስሎች አሉ። አንዳንዱ መዝገብ በ1889 ተነሡ ይላል፤ ሌላው ኖቬምበር 1890 ይላል፤ የሚታየው ሰው ማን እንደ ሆነም ሁለት ስም ይሰጣል። የኤዲሰን ረዳት የነበረው ዲክሰንም በ1889 መገባደጃ ኤዲሰን ከፓሪስ ሲመለስ የሚናገር ተንቀሳቃሽ ምስል አሳየሁት ብሎ ጽፏል። የፊልም ታሪክ ተመራማሪው ጎርደን ሄንድሪክስ በ1960ዎቹ መጀመሪያ የቤተ ሙከራውን ደረሰኞችና ደብዳቤዎች ገጽ በገጽ ሲመረምር ግን ያ ሥራ በዚያ ዘመን ከዚያ ደረጃ ላይ እንዳልነበረ አሳየ። ለዕቃ ግዢ የተቆረጠ ደረሰኝ የሚዋሽበት ምክንያት የለውም፤ ማንም ለታሪክ ብሎ አልጻፈውም።

ለታሪክ ተብሎ የተነገረው ግን ብዙ ጊዜ ያድጋል። በፓሪስ ግራን ካፌ የሉሚየር ወንድማማቾች ፊልም ሲያሳዩ ባቡሩ ወደ ተመልካቹ ሲመጣ ሰዉ ጮኾ ከአዳራሹ ሸሸ የሚለውን ያልሰማ የለም። ያ ትርዒት ዲሴምበር 28 ቀን 1895፣ በእኛ ታኅሣሥ 19 ቀን 1888 ዓ.ም.፣ ከአድዋ ድል ሁለት ወር በፊት የተደረገ ነው። መግቢያው አንድ ፍራንክ ነበር። የዚያ ምሽት ፕሮግራም በእጃችን አለ፤ አሥር አጫጭር ፊልሞች ተዘርዝረውበታል። በላ ሲዮታ ጣቢያ የሚደርሰው ባቡር ከአሥሩ አንዱ አይደለም። ከዚያ በኋላ ታይቷል፤ ነገር ግን ጀርመናዊው የፊልም ታሪክ ተመራማሪ ማርቲን ሎይፐርዲንገር የዘመኑን መዛግብት ፈትሾ ስለ ሽብር የሚናገር የጋዜጣም የፖሊስም ዘገባ አላገኘም። ይልቅ በ1901 ሮበርት ፖል የተባለ እንግሊዛዊ አንድ የገጠር ሰው በሸራ ላይ ባቡር ሲመጣበት እግሬ አውጪኝ የሚልበትን አስቂኝ ፊልም ሠራ። በ1902 ያንኑ ሐሳብ ለኤዲሰን ደግሞ የሠራው ይኸው የእኛው ፖርተር ነው። ገና በዚያን ጊዜ ከባቡር ምስል የሚሸሽ ሰው መሳቂያ ነበር ማለት ነው። ትረካው ውብ ስለ ሆነ ብቻ በመማሪያ መጻሕፍት ሳይቀር መቶ ዓመት ኖረ፤ ይህ በእውነት ያሳዝነኛል፤ ምክንያቱም በዚያ አዳራሽ የነበሩትን ሰዎች ከነበሩበት ይልቅ የዋህ አድርጎ ያሳያቸዋል።

«የመጀመሪያው» የሚለው ቃል ራሱ ግማሹን ግጭት ይወልዳል። ከግራን ካፌ በፊት በዚያው ዓመት በሜይ የሌተም ቤተሰብ በኒው ዮርክ፣ በኖቬምበር መጀመሪያ ደግሞ የስክላዳኖቭስኪ ወንድማማቾች በበርሊን፣ ከፋይ ተመልካች ፊት ፊልም አሳይተዋል። እያንዳንዱ አገር ቃሉን በራሱ መስፈርት ይለካዋል። ስለዚህ የመጀመሪያ የተባለውን ስናነብ «በምን የመጀመሪያ?» ብለን ካልጠየቅን የሚቀረን ጠብ ነው።

ሌላው የግጭት ምንጭ አንድ ስም የብዙ ፊልሞች መጠሪያ መሆኑ ነው። ሠራተኞች ከሉሚየር ፋብሪካ ሲወጡ የሚያሳየው ፊልም ለዚህ ጥሩ ምሳሌ ነው። ሊዮን ውስጥ፣ ዛሬ የመጀመሪያው ፊልም ጎዳና በተባለው መንገድ ላይ፣ በሩ ተከፍቶ ሴቶችና ወንዶች ይጎርፋሉ፤ ነገሩ ከአምሳ ሰከንድ አያልፍም። አንድ ጸሐፊ ጋሪ ሲወጣ አየሁ ይላል፤ ሌላው ጋሪ የለም ይላል። ሁለቱም አልተሳሳቱም፤ ትዕይንቱ ሦስት ጊዜ በተለያየ ቀን ተነሥቷል። ተመራማሪዎች የሚለዩአቸው በፈረሶቹ ነው፦ አንድ ፈረስ ያለበት፣ ሁለት ፈረሶች ያሉበት፣ ፈረስ የሌለበት። ከዚያ ጥላው የወደቀበትን አቅጣጫ፣ የሴቶቹን ልብስ ያያሉ፤ በአንዱ ወፈር ያለ ልብስ፣ በሌላው የበጋ ስስ ልብስ ለብሰዋል። እነዚያ ሠራተኞች ጠዋት ልብሳቸውን ሲመርጡ ከመቶ ዓመት በኋላ ላለ ሙግት ማስረጃ እንደሚሆኑ አላወቁም።

ሌቦችም አሉ። ያ ዘመን የሌላውን ፊልም ገልብጦ በሌላ ስም መሸጥ የተለመደበት ነበር። የሜልየስን የጨረቃ ጉዞ ፊላደልፊያ የነበረው ዚግመንድ ሉቢን የማርስ ጉዞ ብሎ ሸጠው። ሜልየስ በ1903 ወንድሙን ጋስቶን ኒው ዮርክ ልኮ ቢሮ ያስከፈተው ይህን ለመከላከል ነው። የድሮ ካታሎጎችን ብቻ የሚቆጥር ሰው ስለዚህ አንዱን ፊልም ሁለት ያደርገዋል።

የርዝመት ጉዳይ ደግሞ በሂሳብ የሚፈታ ነው፤ እኔ በጣም የምወደው ክፍልም እሱ ነው። የጨረቃው ጉዞ የስንት ደቂቃ ፊልም ነው? አንዱ ዘጠኝ ይላል፣ አንዱ አሥራ አራት፣ ሌላው አሥራ ስድስት። ሜልየስ ፊልሞቹን በካታሎጉ የሚቆጥራቸው በስም ብዛት ሳይሆን በርዝመት ነበር፤ ለእያንዳንዱ ሃያ ሜትር አንድ ቁጥር ይሰጣል። የጨረቃው ጉዞ ከ399 እስከ 411 ያሉትን ቁጥሮች ይዟል። አሥራ ሦስት ቁጥር በሃያ ሲባዛ 260 ሜትር። በአንድ ሜትር ፊልም ላይ አምሳ ሁለት ተኩል ያህል ፍሬሞች ስላሉ ጠቅላላው 13,650 ገደማ ፍሬም ነው። ማሽኑ የሚዞረው በእጅ ስለ ነበር ፍጥነቱን የሚወስነው የኦፕሬተሩ ክንድ ነው። በሰከንድ 16 ፍሬም ካሳየ ፊልሙ 14 ደቂቃ ከ13 ሰከንድ ይፈጃል። ድምፅ ከመጣ በኋላ በተለመደው በሰከንድ 24 ፍሬም ካሳየነው ደግሞ 9 ደቂቃ ከ29 ሰከንድ ብቻ ነው፤ የድሮ ሰዎች እንደ አሻንጉሊት ሲሯሯጡ የምናያቸውም በዚሁ ምክንያት ነው። ደቂቃውን የጻፉት ሁሉ ትክክል ሊሆኑ ይችላሉ፤ የማይለዋወጠው ሜትሩ ነው። በዚህ ምክንያት የቤተ መዛግብት ሰዎች የድምፅ አልባ ፊልምን ርዝመት ሲመዘግቡ ከደቂቃ ይልቅ ሜትር ወይም ጫማ ያምናሉ። አንድ ቅጂ 240 ሜትር ብቻ ሆኖ ከተገኘ ደግሞ የጎደለው ሃያ ሜትር የት ገባ ብለው መፈለግ ይጀምራሉ።

ቀንን በተመለከተ የአማርኛ አንባቢ ከብዙው ዓለም ቀድሞ የሚረዳው ነገር አለ። የሉሚየር ሰዎች በሞስኮ የዳግማዊ ኒኮላይን የዘውድ በዓል በ1896 አንሥተዋል። ቀኑ በሩሲያ መዝገብ ሜይ 14፣ በፈረንሳይ መዝገብ ሜይ 26 ነው። ሩሲያ ያን ጊዜ የምትከተለው የዩልዮስን አቆጣጠር ስለ ነበር ልዩነቱ አሥራ ሁለት ቀን ነበር፤ ከ1900 ወዲህ አሥራ ሦስት ሆነ። የሩሲያን ፊልሞች የሚያጠና ሰው ይህን ካላወቀ ፊልሙ ከመታየቱ በኋላ ተነሣ የሚል መዝገብ ሊጽፍ ይችላል።

የእኛ ልዩነት ከዚህ ይሰፋል። የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ የዘውድ በዓል የተፈጸመው ጥቅምት 23 ቀን 1923 ዓ.ም. ነው፤ ይኸውም ኖቬምበር 2 ቀን 1930 ማለት ነው። በዚያ ቀን የተነሣ ምስል ጀርባ ላይ «1923» ብቻ ተጽፎ ቢገኝ፣ ዓ.ም.ን የማያውቅ መዝጋቢ ፊልሙን ሰባት ዓመት ወደ ኋላ ይወስደዋል። እኛም በተቃራኒው እንሳሳታለን። ጃንዋሪን ጥር፣ ኖቬምበርን ኅዳር ብለን ስንተረጉም ከስምንት እስከ አሥር ቀን እናዛንፋለን፤ ዓመቱን ደግሞ ስምንት ቀንሰን እንገላገላለን። 1903 ግን እንደ ወሩ 1895 ወይም 1896 ዓ.ም. ነው። ወሩ ካልታወቀ ባለበት መተው ይሻላል። እኔ በዚህ ጽሑፍ የወሮቹን የአውሮፓ ስም የተውኩት ለዚህ ነው።

ቀን ያልተጻፈበት ፊልም ሲያጋጥም ደግሞ እናቶቻችን የሚያውቁት ዘዴ አለ። ልጅሽ መቼ ተወለደ ስትባል «ጣሊያን የገባ ዓመት»፣ «አባቴ ሳይሞት» የምትል እናት ዓመተ ምሕረት ባትጠራም ቀኑን በሁለት ምሰሶ መካከል አሥራዋለች። እስካሁን ከተረፉት ተንቀሳቃሽ ምስሎች እጅግ ቀደምት ከሚባሉት አንዱ በእንግሊዝ አገር ሊድስ፣ ራውንድሄይ በተባለ ሰፈር አትክልት ቦታ የተነሣው ነው። ያነሣው ፈረንሳዊው ሉዊ ለ ፕሪንስ ነው። ከሃያ ያህል ፍሬሞች አይበልጥም፤ አራት ሰዎች ሣር ላይ ይንቀሳቀሳሉ፣ ሁለት ሰከንድ ያህል ብቻ። ከአራቱ አንዷ፣ ጀርባዋን ሰጥታ ወደ ኋላ የምትራመደው አሮጊት፣ የለ ፕሪንስ አማት ሣራ ዊትሊ ናት። የለ ፕሪንስ ልጅ አዶልፍ ቀኑ ኦክቶበር 14 ቀን 1888 ነው ብሏል፤ አዶልፍ ግን የአባቱን ቀዳሚነት ለማስመስከር የሚታገል ልጅ ነው፤ አባቱ በ1890 ከዲዦን ባቡር ተሳፍሮ የገባበት ሳይታወቅ ቀርቷል። የልጅ ፍቅር ቀን ሊያዛባ ይችላል። ሣራ ዊትሊ ግን ኦክቶበር 24 ቀን 1888 ዐርፋለች። በአትክልቱ ቦታ የምትራመደው እሷ ከሆነች፣ ፊልሙ ከዚያ ቀን በኋላ ሊነሣ አይችልም። የአዶልፍን ቃል ባናምን እንኳ ሞቷ ለፊልሙ የማይሻገር ወሰን አበጅቶለታል።

ሰው ሁሉ ዝም ሲል ዕቃው ራሱ ይናገራል። የሉሚየር ፊልም በየፍሬሙ ግራና ቀኝ አንድ አንድ ክብ ቀዳዳ አለው፤ የኤዲሰን ግን አራት አራት ባለ አራት ማዕዘን ቀዳዳ። ከ1916 ጀምሮ ኮዳክ በሚሸጠው ፊልም ጠርዝ ላይ ክብ፣ አራት ማዕዘንና ሦስት ማዕዘን ምልክቶች እያፈራረቀ ያትም ነበር፤ ምልክቶቹ ፊልሙ የተመረተበትን ዓመት ይናገራሉ። ችግሩ በየሃያ ዓመቱ ይደጋገማሉ፤ ያው ምልክት 1917ም 1937ም ሊሆን ይችላል። ደግሞም የሚናገሩት የዚያን ጥሬ ፊልም ዕድሜ እንጂ በላዩ ያለውን ታሪክ ዕድሜ አይደለም። በ1908 የተሠራ ፊልም በ1920 በተመረተ ጥሬ ፊልም ላይ ሊገለበጥ ይችላል። አዲስ ጠርሙስ ውስጥ የቆየ ጠጅ እንደ ማለት ነው።

ሜልየስ በ1923 ተስፋ ቆርጦ ኔጋቲቮቹን አቃጠለ። የጨረቃው ጉዞ በእጅ ቀለም የተቀባ ቅጂ ጨርሶ ጠፍቷል ተብሎ ሲታመን ኖሮ፣ በ1993 ባርሴሎና በሚገኘው የካታሎኒያ ፊልም ቤተ መዛግብት አንዱ ተገኘ። ጥቅልሉ ተጣብቆ አንድ ግትር ቁራጭ ሆኖ ነበር። ከተጣበቀበት ንብርብሩን ማላቀቁ ብቻ ዓመታት ፈጀ፤ ፊልሙም በ2011 በካን ፌስቲቫል ለሕዝብ ቀረበ። መንኮራኩሩ ከመድፉ ሊተኮስ ሲል አንዲት ባንዲራ ትውለበለባለች። በጥቁርና ነጩ ቅጂዎች ላይ ባንዲራዋ ግራጫ ናት፤ የየትኛው አገር እንደ ሆነች አትናገርም። በዚህ ቅጂ ግን ቀይና ቢጫ ተቀብታለች፤ የስፔን ባንዲራ ናት። አንዲት ብሩሽ የያዘች እጅ ያንን ቅጂ ለስፔን ሲኒማ ቤት ስታዘጋጅ ገዥው ማን እንደ ሆነ ፊልሙ ላይ ጽፋልን ሄዳለች።